በአማቴ ቴሌቪዥን ላይ የጫንኩት ጉድ

ሰው ሽማግሌ ሊልክ ሲያስብ ስለ ቀለበት፣ ስለ ቤት፣ ስለ ሚዜ ይጨነቃል። እኔ የተጨነቅኩት ስለ ሬስሊንግ ነበር። ነገሩን ከመጀመሪያው ልንገራችሁ፤ መሳቃችሁ ስለማይቀር ቢያንስ በቅደም ተከተል ሳቁብኝ።

ሰላም የምትባል ልጅ ከወደድኩ ሁለት ዓመት አለፈኝ። እሷም ትወደኛለች፤ ለምን እንደሆነ ግን ጠይቄያት አላውቅም፤ አስባበት ሐሳቧን እንዳትቀይር ብዬ። ችግሩ ሥራዬ ነው። አምስት ኪሎ አካባቢ ባለ አንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ መዝገብ ቤት ነው የምሠራው። ፋይል አወጣለሁ፣ ፋይል እመልሳለሁ፣ ፋይል ሲጠፋ ደግሞ «ወደ ሌላ ክፍል ተመርቷል» እላለሁ። ሰላም ይህንን ለአባቷ ለመናገር አፍራ «ኮምፒውተር ነው የሚሠራው» አለቻቸው። ውሸት አይደለም። ጠረጴዛዬ ላይ ኮምፒውተር አለ፤ በየጠዋቱ አቧራውን እጠርግለታለሁ።

አባቷ ጋሽ ደምሴ ዕድሜያቸውን ሙሉ ፒያሳ ውስጥ ሰዓት ሲጠግኑ የኖሩ ሰው ናቸው። ሱቃቸውን ከዘጉ በኋላ የቀራቸው ፍቅር ሬስሊንግ ብቻ ነው። ቁምጣ የለበሱ ሁለት ግድንግድ ሰዎች ወንበር ሲወራወሩ ካዩ ቀኑን ሙሉ ፊታቸው ይፈካል። «ትግሉ እኮ ትያትር ነው» ያላቸውን ሰው ሁሉ ከቤት አስወጥተዋል፤ አንደኛው የገዛ ወንድማቸው ነው ይባላል። ሰላም ይህን አስቀድማ ስለነገረችኝ በሬስሊንግ በኩል ያለኝን ጥርጣሬ ሁሉ በር ላይ ትቼ ነው የገባሁት።

እናቷ እትዬ አሰለፈች ደግሞ በአማርኛ የተተረጎመ የቱርክ ድራማ አላቸው። «አላቸው» ያልኩት ሆን ብዬ ነው። ሌላው ሰው ድራማ ያያል፤ እሳቸው ግን አላቸው፣ ልክ እንደ ስኳር በሽታ። በየቀኑ ሰባት ሰዓት ላይ ድራማው ሲጀምር በዚያ ቤት ማንኪያ አይንኳኳም።

ቤታቸው ከሰባ ደረጃ ጀርባ፣ መንገዱ ሲሰፋ ለጥቂት የተረፈ የድሮ ቤት ነው። ሳሎኑ ጠባብ፣ ቴሌቪዥኑ ትልቅ። ልጆቻቸው ተዋጥተው የሰቀሉላቸው ኢንተርኔት ያለው ዘመናዊ ቴሌቪዥን ነው። አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ሰላም «ጓደኛዬ ነው» ብላ አስገባችኝ። ጋሽ ደምሴ ቆሞ የመጣ ሰዓት እንደሚያዩ ሁሉ አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው አዩኝ።

«ኮምፒውተር ነው የምትሠራው አሉ።»

«አዎ፣ ጋሽ ደምሴ።»

«ይሄ ቴሌቪዥን ኢንተርኔት አለው ይላሉ። ታዲያ ሬስሊንጉ የታለ?»

እዚህ ላይ ጤነኛ ሰው ቢሆን «እኔ እንጃ» ይል ነበር። እኔ ግን ሰላም እያየችኝ ነበር፣ እናቷ እያዩኝ ነበር፣ ቁልፌ ላይ ደግሞ አንድ የቢሮ ጀለሴ የሰጠኝ ፍላሽ ተንጠልጥሏል። ፍላሹ ውስጥ የዓለምን ቻናል በሙሉ በነፃ ያሳያል የተባለለት አፕ አለ። ከየት እንደመጣ ጀለሴም አያውቅም። እሱም ከሌላ ጀለስ ነው የወሰደው።

«ሁለት ደቂቃ ይስጡኝ» አልኩና ፍላሹን ሰካሁ።

ከእኔ ይልቅ ቴሌቪዥኑ አስተዋይ ነበር። «ይህ መተግበሪያ ከማይታወቅ ምንጭ የመጣ ነው» አለኝ። እሺ አልኩት። «መሣሪያዎን ሊጎዳ ይችላል» አለኝ። እሺ አልኩት። «እርግጠኛ ነዎት?» አለኝ። በሕይወቴ እንዲህ አንቱ ብሎ፣ ረጋ ብሎ የመከረኝ ፍጡር አላጋጠመኝም። ለሦስተኛ ጊዜ እሺ ብዬ በአውራ ጣቴ ዝም አሰኘሁት።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሃያ ደቂቃዎች የሕይወቴ ምርጥ ሃያ ደቂቃዎች ነበሩ። ሬስሊንጉ መጣ። አንዱ ግድንግድ ሌላውን በመሰላል ሲመታው ጋሽ ደምሴ ጉልበቴን ጨበጡ። «ልጄ፣ ምሳ በልተሃል?» አሉኝ። ልጄ ነው ያሉት። ሰላም ከጓዳ በር ላይ ሆና ፈገግ አለች። በልቤ ሚዜዎቼን መምረጥ ጀመርኩ።

ሁለተኛው ሚዜዬ ላይ ስደርስ ትግሉ ቆመ። አንደኛው ተፋላሚ አየር ላይ እንደተንሳፈፈ ቀረና ከደረቱ ላይ አንዲት ክብ ነገር መዞር ጀመረች።

«ምን ሆነ?» አሉ ጋሽ ደምሴ።

«እያሰበ ነው።»

ወደ ስክሪኑ ተጠግተው በባለሙያ ዓይን መረመሯት። «ይቺ ትዞራለች እንጂ አትቆጥርም» አሉ።

አትቆጥርም ነበር። አሥር ደቂቃ ዞረች። በዚህ መካከል የውጭው በር ተንኳኳና የቤቱ ነፍስ አባት ገቡ፤ ለካ ጠበል ሊረጩ የሚመጡበት ቅዳሜ ኖሯል። ሁላችንም ተነሥተን መስቀል ስንሳለም ክቧ መዞሯን አቁማ ማስታወቂያ አመጣች። እንዴት ልበላችሁ፣ በጣም ሞቋት ልብሷን ያወለቀች የምትመስል ሴትዮ፣ በማላውቀው ቋንቋ፣ ድምፁ እስከ መጨረሻው ተከፍቶ፣ ቀጥታ ወደ አባ እየጠቀሰች ታወራለች። ሪሞቱን ተጫንኩት፤ ባሰባት። እትዬ አሰለፈች ነጠላቸውን ከትከሻቸው ገፈው ስክሪኑ ላይ ጣሉት፤ ነጠላው ስስ ስለሆነ ሴትዮዋን አላበሳት፣ እንዲያውም አሳመራት። ሰላም ሮጣ ሶኬቱን ስትነቅል ነው ሳሎኑ ጸጥ ያለው።

አባ ቀስ ብለው ተቀመጡ። «ምንድነው የምታስተዋውቀው?» አሉ።

እትዬ አሰለፈች ነጠላቸውን ከስክሪኑ አነሱ።

«ሳሙና ይሆናል» አሉ ራሳቸው፣ ጠበላቸውን ረጩና ሄዱ። እኔን ሁለት ጊዜ ነው የረጩኝ።

በማግስቱ እሁድ ከሰዓት ሰላም ደወለች። «ምንድነው ያደረግከው?» አለች። ድምጿ ውስጥ ፍቅር አልሰማሁበትም። ቴሌቪዥኑ ሲከፈት ሌላ ነገር ሳያሳይ ቀጥታ ወደዚያ አፕ ይገባል፤ ከአፑ ሲያስወጡት ተመልሶ ይገባል፤ ፊደሉ ሁሉ በቻይንኛ ይሁን በጃፓንኛ ማንም ወደማያነበው ጽሕፈት ተቀይሯል። ሪሲቨሩ ተሰክቶ ቢበራም ምስሉ አይመጣም። በአጭሩ የእትዬ አሰለፈች ድራማ ጠፍቷል።

ሄድኩ። ቻይንኛውን እያየሁ አንገቴን ነቀነቅኩ፤ እንደገባኝ ሁሉ። እውነቱን የምናገርበት ሁለተኛው ዕድል ይህ ነበር። እኔ ግን ጉሮሮዬን ጠራርጌ፦

«አፕዴት እያደረገ ነው» አልኩ። «ትልቅ ቴሌቪዥን ስለሆነ አንድ ሳምንት ይፈጅበታል።»

ጋሽ ደምሴ አመኑኝ፤ ለእሳቸው ክቧ አልፎ አልፎ እየቆመች አንዳንድ ቡጢ ታሳያቸዋለች። እትዬ አሰለፈች ግን ወንበራቸውን ወደ እኔ አዞሩ።

«ነገ የኔርሚን ሰርግ ጉዳይ የሚለይበት ነው» አሉ። ኔርሚን ማለት የድራማዋ ልጅ ናት፤ እናቷ ኮማ ውስጥ ናቸው፣ የምትወደው ሰርሃት ደግሞ ማንነቱን የማያውቅ ሰው ነው። «አንድ ሳምንት ሙሉ በምን ልኖር ነው?»

«ጎረቤት አይቶ መምጣት አይቻልም?» አልኩ።

ሰላም እግሬን ረገጠችኝ። ለካ አጥር የሚጋሯቸው ጎረቤት እትዬ ዘይነባ የወሎ ሰው፣ የሠላሳ ዓመት ወዳጃቸው ናቸው፤ ድራማውንም የጀመሩት አብረው ነው። ክረምት ላይ ግን የእነ ሰላም አሸንዳ ውኃውን እትዬ ዘይነባ ደጃፍ ላይ ሲዘረግፍ ከረመና ሁለቱ ተጣሉ። ከሐምሌ ወዲህ ቃል አልተለዋወጡም።

«እኔ የእሷን ደጅ አልረግጥም» አሉ እትዬ አሰለፈች። ከላይ እስከ ታች አዩኝ። «አንተ ግን ከእሷ ጋር ምን ጠብ አለህ?»

እንዲህ ሆኜ ነው የድራማ ዘጋቢ የሆንኩት። ከሰኞ ጀምሮ በምሳ ሰዓት ከአምስት ኪሎ እየሮጥኩ እትዬ ዘይነባ ቤት እገባለሁ፤ ድራማውን አያለሁ፤ ከዚያ አጥሩን ዞሬ ለእትዬ አሰለፈች የሆነውን እተርካለሁ፤ ከዚያ ወደ ቢሮ እሮጣለሁ። እትዬ ዘይነባ ነገሩን ሲሰሙ አልሳቁም። «አብሽር፣ ግባ። ድራማ ያቋረጠ ሰው ሕመሙ ይገባኛል» አሉ። ሥጋቸውን እንደማልበላ ስለሚያውቁ ለክርስቲያን እንግዳ ብለው በለዩዋት ድስት ሽሮ ሠርተው ጠበቁኝ።

የመጀመሪያው ቀን ዘገባዬ አልተወደደም። «ኔርሚን ሆስፒታል ሄዳ አለቀሰች» አልኩ።

«ከዚያስ?»

«አለቀ።»

«አርባ ደቂቃ ሙሉ? ምን ለብሳ ነበር? ሰርሃት ሲያያት ምን አደረገ? እንጀራ አባቷስ?»

አላስተዋልኩም ነበር። ማክሰኞ ወረቀትና እስክሪብቶ ይዤ ሄድኩ። ረቡዕ የእንጀራ አባትየውን አረማመድ በሳሎኑ ውስጥ እየተራመድኩ ሳሳይ ጋሽ ደምሴ ክቧን ትተው አዩኝ። እትዬ ዘይነባም በበኩላቸው ስወጣ መልእክት መጫን ጀመሩ። «ለዚያች ሰው፣ እንጀራ አባትየው መርዝ ገዝቷል በላት። እኔ ነኝ ያልኩት አትበል።» ይህን አደርስና በእትዬ አሰለፈች ደግሞ «ድሮም እሱን ሰው ጠርጥሬው ነበር፤ እንዳትነግራት» ተብዬ እመለሳለሁ። ሁለት የተኳረፉ አገሮች መካከል ያለ አምባሳደር እንደዚህ አይደክምም።

ሐሙስ ደከመኝ። ሽሮው ጥሩ ነበር፣ ሶፋው ለስላሳ ነበር፣ እትዬ ዘይነባ ዙሁር ሊሰግዱ ወደ ውስጥ ገቡ። ስነቃ ስክሪኑ ላይ የተዋንያኑ ስም ወደ ላይ እየሄደ ነው። እትዬ ዘይነባም መስገጃቸውን አጥፈው ብቅ አሉ።

«ዛሬ መጨረሻውን አላየሁትም። ምን ሆነ?» አሉኝ።

ተኝቼ ነበር ማለት ምን ይገድለኝ ነበር? ምንም። ግን እትዬ አሰለፈች አጥሩ ማዶ እየጠበቁኝ ነው፤ የእሳቸው ልጅ ደግሞ ሕይወቴ ናት። አፌ ከእኔ ሳያማክር ተከፈተ።

«የኔርሚን እናት ከኮማ ነቁ» አለ አፌ።

እትዬ ዘይነባ ደረታቸውን ያዙ። «ምን አለች?»

«ሰርሃት… ወንድምሽ ነው አሏት።»

«ወላሂ?» ብለው ቁጭ አሉ። ከዚያ ወዲያ ሽሮ አልጨመሩልኝም። አጥሩን ዞሬ ያንኑ ስናገር እትዬ አሰለፈች መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛ ላይ አስቀመጡት። እኔ ቢሮ ደርሼ ሁሉ በራሴ እየኮራሁ ነበር። ድራማውን ከሚጽፉት ሰዎች አላንስም ብዬ።

ዓርብ ቢሮ ስብሰባ ኖሮ መሄድ አልቻልኩም። ያን ቀን ሰባት ሰዓት ላይ የሆነውን ሰላም ናት ኋላ የነገረችኝ። እትዬ ዘይነባ ብቻቸውን ቁጭ ብለው ሲያዩ ኔርሚንና ሰርሃት ሰርግ አዳራሽ ሊከራዩ ይሄዳሉ። እየሳቁ። አንድ ሰው እንኳ «ኧረ ወንድሟ ነው» አይልም። እትዬ ዘይነባ ብድግ አሉ፣ ተቀመጡ፣ ብድግ አሉ። ይህን ጉድ ለብቻቸው ሊሸከሙት አልቻሉም። ሻሻቸውን አሰሩ፤ ከሐምሌ ወዲህ ያልረገጡትን ደጅ አንኳኩ፤ እትዬ አሰለፈች ሲከፍቱም ሰላምታ ሳይሰጡ፦

«ወንድሟን ልታገባ ነው» አሉ።

«ስሞትልሽ ግቢ» አሉ እትዬ አሰለፈች።

ከሥራ ስወጣ ሰላም «አሁኑኑ ና» የሚል መልእክት ልካለች። ሳሎኑ ውስጥ ሁለቱ ሴቶች ጎን ለጎን፣ ሰላም ስልኳን ይዛ መካከላቸው፣ ጋሽ ደምሴ ጥግ ላይ። ሰላም ሳምንቱን ሙሉ ማንም ያላሰበበትን አድርጋ የሐሙሱን ክፍል በስልኳ ፈልጋ አሳይታቸዋለች። ወንበር አልተሰጠኝም።

«ይቺ የኔርሚን እናት መቼ ነው የነቃችው?» አሉ እትዬ ዘይነባ።

«ሐሙስ።»

«በየትኛው ቻናል?»

በሩን አየሁት።

«እኔ ሌሊቱን ሙሉ አልተኛሁም» አሉ እትዬ አሰለፈች።

«እኔ ዱዓ አድርጌላታለሁ» አሉ እትዬ ዘይነባ።

«ተኝቼ ነበር» አልኩ በመጨረሻ። «ሶፋው ለስላሳ ነው።»

«ይሄ ቴሌቪዥንስ?» አሉ እትዬ አሰለፈች ወደ ግድግዳው እየጠቆሙ። «እውነት አፕዴት ነው፣ ወይስ እሱም ከኮማ ሊነቃ ነው?»

ሁሉንም ተናዘዝኩ። ፍላሹን፣ ሦስቱን እሺ፣ መዝገብ ቤቱን፣ አቧራውን ጭምር። ሰላም ወለሉን ታያለች። ስጨርስ ሁለቱ ሴቶች ተያይተው ወደ ጓዳ ገቡ፤ ተንሾካሾኩ፤ አንድ ጊዜ የሳቅ የሚመስል ድምፅ ሰማሁ። ተመልሰው ፍርዱን ያሰሙት እትዬ ዘይነባ ናቸው።

«ነገ ጠዋት ቆርቆሮው ላይ ወጥተህ ያንን አሸንዳ ወደ ቦዩ ታዞረዋለህ። ስለ ልጅቷ ከዚያ በኋላ እናስባለን።»

ቅዳሜ ጠዋት ወጣሁ። ከታች ሁለቱም ቆመው ያዝዙኛል፤ አንዳቸው «ወደ ቀኝ» ሲሉ ሌላቸው «ወደ ግራ» ይላሉ፤ ፊት ለፊት ስለቆሙ ሁለቱም ልክ ናቸው። አሸንዳውን በስንት መከራ አዞርኩት። ከዚያ በኩራት ወገቤን ላቃና ስል ክርኔ ከአንድ ነገር ጋር ተጋጨ። ከአጥሩ ማዶ ብቅ ያለው የእትዬ ዘይነባ ዲሽ ነበር። ሰማይ ሰማይ ሲያይ የኖረው ዲሽ አንገቱን ደፍቶ ግቢውን ማየት ጀመረ። እትዬ ዘይነባ ወደ ቤታቸው ገብተው ሲመለሱ ፊታቸው ተለውጧል።

«ምልክት የለም ይላል» አሉ።

በአንድ ሳምንት ውስጥ ሁለት ቤት አጨለምኩ ማለት ነው። ከቆርቆሮው ላለመውረድ አሰብኩ፤ እዚያው መኖር ይቻል እንደሆነም ዙሪያዬን ቃኘሁ።

የዲሽ ሠራተኛ ተጠራ። እሱ ዲሹን ቀና አደረገና እግረ መንገዱን የእነ ሰላምን ቴሌቪዥን እንዲያይ ተለመነ። ከጀርባው ትንሽ ቁልፍ ፈልጎ በስንጥር ጫን አድርጎ ያዛት። ቴሌቪዥኑ ጠፍቶ በራ፤ አማርኛው ተመለሰ፤ ሪሲቨሩ ሠራ። ሁሉም ነገር የቀረበለት ሻይ ሳይቀዘቅዝ አለቀ።

«ማነው ግን እንዲህ ያለ ነገር የጫነበት?» አለ ሠራተኛው እየሳቀ። «ምን ዓይነት ፋራ ነው?»

እትዬ አሰለፈች አዩኝ፣ እትዬ ዘይነባ አዩኝ። አፌን ልከፍት ስል ከጥግ ድምፅ መጣ።

«እኔ ነኝ» አሉ ጋሽ ደምሴ። «ሬስሊንግ አምሮኝ ነው።»

ሠራተኛው ደነገጠና ይቅርታ ጠየቀ። ጋሽ ደምሴ ወደ እኔ እንኳ አልዞሩም። ያን ሰዓት ልጃቸውን ባላገባ እሳቸውን አገባ ነበር።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ሽማግሌ ላክሁ። ሦስት ሆነው ሄዱ፤ የሚመራቸው አጎቴ ነው፤ ንግግሩን ሁለት ሳምንት ሙሉ ሲለማመድ ከርሟል። በባህሉ መሠረት የልጅቷ ወገን ደጋግሞ ያመላልሳል፤ የመጀመሪያው ቀን ተመርቆ መመለስ ብቻ ነው። ስለዚህ እሁድ ከሰዓት ፒያሳ አንድ ኬክ ቤት ቁጭ ብዬ ግማሽ ሰዓት ውስጥ ይመለሳሉ ብዬ ጠበቅኩ። ግማሽ ሰዓት አለፈ። አንድ ሙሉ ሰዓት አለፈ። ሦስት ማኪያቶ ጠጣሁ። ሁለት ሰዓት ሙሉ ስጠብቅ አራተኛውን አዘዝኩ። ፋይል አመላላሽነቴ፣ የጠቀሰችው ሴትዮ፣ የደፋሁት ዲሽ፣ ሁሉም አንድ በአንድ እየተነሳ ነው ብዬ አሰብኩ።

ሁለት ሰዓት ተኩል ካስጠበቁኝ በኋላ ከነጋቢያቸው ገቡ። የአጎቴ ዓይን ቀልቷል። የሁለቱም ሽማግሌዎች ዓይን ቀልቷል። አንደኛው መሀረቡን ገና ኪሱ አልከተተም። ብድግ አልኩ።

«እምቢ አሉ?» አልኩ።

«እነማን?» አለ አጎቴ።

«የሰላም ወላጆች ናቸዋ።»

«እ… እነሱማ ልጅቷን በመጀመሪያው ማስታወቂያ ላይ ሰጥተውናል። ንግግሬን እንኳ አላስጨረሱኝም፤ “ሰጥተናል፣ ተቀመጡ፣ እየጀመረ ነው” አሉን።» አጎቴ ወንበር ስቦ በረጅሙ ተነፈሰ። «እሁድ እሁድ የሳምንቱን ድራማ በሙሉ ነው ለካ የሚደግሙት። ያቺን ምስኪን ኔርሚን እንዲህ ሆና ጥለናት እንዴት እንውጣ?»